መንጋጋ የነካው አልበም

ራፐሩን «ሚስማር» ብሎ የሰየመው ሰፈሩ ነው። ቀጭንና ቀጥ ያለ ስለሆነ፣ ደግሞም አንዴ የያዘውን ነገር በጉጠት እንኳ የማይለቅ በመሆኑ፣ ስሙ በልኩ እንደተሰፋ ልብስ ገጠመው። የመጀመሪያው አልበሙ ከዳር እስከ ዳር ስድብ ነበር። አከራዩን ሰደበ፣ የትራፊክ መብራቱን ሰደበ፣ በመጨረሻም የሚሰደብ ሲጠፋ የገዛ ጥላውን ሰደበ። ሕዝቡም ወደደለት። ሌላ ሰው ቢሆን ያንኑ ስድብ ገልብጦ ሁለተኛ አልበም ይለው ነበር። እሱ ግን «የታኘከ ማስቲካ ደግሞ አይጣፍጥም» አለና አዲስ ነገር ፍለጋ ገባ።

አዲሱ ነገር መቀየጥ ነበር። ራፑን ከጃዝ፣ ጃዙን ከማርሽ ባንድ፣ ማርሹን ከድሮ የፍቅር ዘፈን ጋር አደባለቀና የአልበሙን ስም «ቅይጥ» አለው። ስቱዲዮው ከጎማ ጥገና ቤት በላይ ያለች አንዲት ክፍል ናት፤ ግድግዳዋ በእንቁላል ካርቶን ተለብጧል፤ በሯ ሲዘጋ ጆሮ ይደፈናል። አቀናባሪው ወፍራምና ትዕግሥተኛ ሰው ነው። ሚስማር «እዚህ ጥሩምባ ላይ ትንሽ ሐዘን ጨምርበት» ሲለው፣ «ስንት ማንኪያ?» ብሎ የሚጠይቅ፣ ከዚያም እንደተባለው የሚጨምር ነው።

ሁሉም ነገር ከተደባለቀ በኋላ ግን አንድ ነገር ጎደለ። ምን እንደሆነ ሁለቱም አያውቁትም። ሚስማር ሲበላም ሲተኛም እሱን ሲያስብ ከረመና አንድ ቀን የእናታቸውን ቤት ቁልፍ ሊቀበል ታላቅ እህቱ ዘንድ ሄደ። እህቱ የጥርስ ሐኪም ናት። በሩን ገፋ አድርጎ ሲገባ አንድ ሰውዬ አፉን ከፍቶ ተንጋሏል፤ እሷ በላዩ አጎንብሳለች፤ ክፍሉን ደግሞ ቀጭን ድምፅ ሞልቶታል። ከፍ ይላል፣ ዝቅ ይላል፣ ይለምናል፣ መልሶ ያስፈራራል።

«እታለም፣ ይሄ ምንድን ነው?»

«ምኑ?»

«ድምፁ።»

«መቦርቦሪያ ነዋ። ቁልፉ ጠረጴዛው ላይ ነው፤ አንሣና ውጣልኝ።»

«ልቅዳው?»

«እኔን ምን ትጠይቀኛለህ? ባለጥርሱን ጠይቀው።»

ባለጥርሱ አፉ በጥጥ ተወጥሮ ነበርና «አኧ» አለ። ሚስማር እሺ ማለቱ ነው ብሎ ስልኩን አውጥቶ ቀዳ። ቁልፉን ረስቶት ወጣ።

ያንን ድምፅ ጎተቱት፣ አለዘቡት፣ ከሦስተኛው ዘፈን ጀምሮ ከጥሩምባው ሥር እንደ ምንጣፍ አነጠፉት። አልበሙ ሕይወት ዘራ። አቀናባሪው በእነዚያ ቀናት ጉንጩን እያሸ «ይሄ ብርድ መታኝ መሰለኝ» ይል ነበር፤ ሚስማር ግን ምንም አልተሰማውም። ሰው ራሱን ኮርኩሮ አይስቅም እንደሚባለው መሆኑ ነው።

አልበሙን ለጋዜጠኞችና ለሙያው ሰዎች ያስደመጡት በአንድ ትንሽ አዳራሽ ውስጥ ነበር። በመጀመሪያው ዘፈን ራሶች ተወዘወዙ። በሁለተኛው እግሮች መሬት መቱ። ሦስተኛው ሲጀምር ከፊት የተቀመጠ አንድ ሃያሲ ቀኝ እጁን ቀስ ብሎ ጉንጩ ላይ አደረገ። ከጎኑ ያለችውም አደረገች። ወዲያው አዳራሹ በሙሉ እጁን ጉንጩ ላይ አድርጎ፣ አንገቱን ሰበር አድርጎ ተቀመጠ። እጅ ጉንጭ ላይ ከወጣ ሐዘን ነው፣ ወይም ጥልቅ ሐሳብ ነው። ሚስማር ከመጋረጃው ጀርባ ሆኖ ይህን ሲያይ ዓይኑ እንባ አቀረረ። «ገባቸው» አለ ለአቀናባሪው። አቀናባሪው ራሱ ጉንጩን ይዞ ነበር። አራተኛው ዘፈን ሳያልቅ ሃያሲው ተነሥቶ ወጣ፤ ሌሎቹም ተከተሉት። በረንዳው ላይ ሰው ሁሉ ለብ ያለ የጨው ውሃ ሲለምን አስተናጋጆቹ ግራ ገባቸው።

በማግስቱ ትችቱ ወጣ። አንዱ «ይህ አልበም ጥርስ አለው» አለ። ሌላው «ሥር ድረስ ዘልቆ የሚወጋ» ሲል አደነቀ። ያ ሃያሲ ደግሞ «ጨርሼ መስማት ስላልቻልኩ ምሉዕ ሥራ ነው ለማለት አልደፍርም፤ ጎደሎ ነው ለማለት ግን እደፍራለሁ» ብሎ ጻፈ። ሚስማር ይህን ሁሉ ዘይቤ መስሎት ቆርጦ ግድግዳው ላይ ለጠፈው።

ዘይቤ አለመሆኑን የነገረችው እህቱ ናት። ነጭ ጋውኗን እንደለበሰች ቤቱ መጣችና ሳትቀመጥ ጀመረች።

«ወንድምዓለም፣ ክሊኒኬ በር ላይ ያለው ሰልፍ መንገዱን አልፎ ዳቦ ቤቱ ደርሷል። ዳቦ ሊገዙ የመጡ ሰዎች ተሳስተው እኔ ጋ ተሰልፈዋል። አፍ አስከፍቼ አያለሁ፤ ምንም የለም። መቼ ጀመረህ ስለው፣ ሦስተኛው ዘፈን ላይ ይለኛል።»

«ቀንተውብኝ ነው።»

«ጥርስ እንዴት ይቀናል?»

«ሰዎቹ ናቸው እንጂ። የመጀመሪያው አልበም ከወጣ ጀምሮ ጥርስ ውስጥ ገብቻለሁ።»

«አንተ ጥርስ ውስጥ መግባትህን ማን ካደ? እሱን እኮ ነው የምነግርህ» አለችና ወንበር ስባ ተቀመጠች። «የራሴን መንጋጋ በመርፌ አደንዝዤ ነው አሁን እንኳ የማወራህ። ታክሲው ውስጥ ከፍተውት ነበር።»

ሚስማር አላመነም። በቀጥታ ወደ ስቱዲዮው ሄዶ አቀናባሪውን ያዘው። አቀናባሪው አንገቱን ደፍቶ እውነቱን ተናገረ። ከሦስተኛው ዘፈን በኋላ ያለውን ሁሉ ድምፁን ዘግቶ፣ ስክሪኑ ላይ ያለውን መስመር ብቻ እያየ ነው ያቀናበረው።

«በዓይንህ?»

«መስመሩ ሲያምር ዘፈኑም ያምራል ብዬ ነው። ደግሞ አንተ ደስ ብሎህ ነበር፤ ደስታህን እንዴት ልንጠቅ?»

ከዚያ በኋላ ነገሩ ከእጁ ወጣ። ሬዲዮ ጣቢያው ሦስተኛውን ዘፈን አስተላልፎ፣ አዘጋጁ እያቃሰተ የአየር ጠባይ ዘገባ ለማንበብ ከሞከረ ወዲህ አልበሙ ተከለከለ። የተከለከለ ነገር ደግሞ ይጣፍጣል። ጎረምሶች ጉንጩን ሳይዝ ብዙ የሚቆይ ማን ነው እያሉ ይወራረዱበት ጀመር፤ አምስተኛውን ዘፈን ያየ ጀግና ግን አልተገኘም። ሌላ ራፐር «ሰውን ጥርሱን ማሳመም መጀመሪያ የጀመርኩት እኔ ነኝ» ብሎ መግለጫ ሰጠ። ጠላቶቹ ከእህቱ ጋር ተሻርኮ ነው አሉ። የጥርስ ሐኪሞች ማኅበርም ጠርቶ ሸለመው። ሽልማቱ ከመስታወት የተሠራ ትልቅ መንጋጋ ነበር። ሊቀመንበሩ ሲናገሩ፣ «በፖስተርና በምክር ያቃተንን ይህ ወጣት በአንድ ጥሩምባ ፈጸመው፤ ሕዝባችን ጥርስ እንዳለው አስታወሰ» አሉ። ከዚያ ጠጋ ብለው በጆሮው «እባክህን ልጄ፣ ዛሬ እንዳትዘፍን» ብለው ለመኑት።

ሚስማር ሳቀ፣ አመሰገነ፣ ፎቶ ተነሣ። ጥርስ ባዳ ነው፤ ውስጡ ግን ይቃጠል ነበር። የአልበሙ የመጨረሻ ዘፈን ስለ ሟች አባቱ ነው። በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ ማንንም ሳይሳደብ፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ የሠራው እሱን ነው። ከተማው በሙሉ ስለ «ቅይጥ» ያወራል፤ ያደንቃል፣ ይረግማል፣ ይከራከራል፤ እዚያ ዘፈን ድረስ የሄደ አንድ ነፍስ ግን የለም። ቤት ሠርቶ እንግዶቹ ሁሉ ከደጁ ሲመለሱበት እንደማየት ነበር።

እንዲህ ሆድ እንደባሰው አንድ ከሰዓት በኋላ እናቱ ቤት ሄደ። እናቱ ሳሎን ውስጥ ልብስ ይተኩሳሉ። ጥግ ላይ ካለችው ትንሽ ማጫወቻ የሚወጣውን ድምፅ ሲሰማ ጫማውን ሳያወልቅ ደርቆ ቀረ። ዘጠነኛው ዘፈን ነበር።

«እማዬ፣ ዝጊው።»

«ምን ሆነና?»

«አያምሽም?»

«ምኔን ነው የሚያመኝ?»

«ጥርስሽን።»

እናቱ ካውያውን አቆሙ። «የቱን ጥርሴን?» አሉና ሁለት ጣታቸውን ወደ አፋቸው ልከው የላይኛውን ረድፍ በሙሉ አውጥተው አሳዩት። «ይሄንን? ይሄ እኮ እህትህ የሠራችልኝ ነው። እሱ ምን ነፍስ አለውና ያመዋል?» መልሰው ገጠሙትና መተኮሳቸውን ቀጠሉ።

ሚስማር ወንበሩ ላይ ዘፍ አለ። «ሁሉንም ሰምተሽዋል?»

«ልብስ ሲበዛ ደግሜ እሰማዋለሁ። አምስተኛው ላይ ጥሩምባው ይቸኩላል፤ አንተ ሳትጨርስ ጣልቃ ይገባል፤ ነውር ነው። ሰባተኛው ረዝሟል። ቃል ደግሞ ትውጣለህ፤ ከልጅነትህም እንዲሁ ነህ።»

«የመጨረሻውስ?»

እናቱ አንድ የሸሚዝ እጅጌ ገልብጠው ተኮሱ።

«ለአባትህ ቡናማ ጫማ አድርገህለታል። ጥቁር እንጂ ቡናማ አድርጎ አያውቅም» አሉ። «ሌላው ግን እሱ ነው። በር ላይ ቆሞ ሳያንኳኳ የሚያስለው ሳይቀር። ከየት አመጣኸው?»

ሚስማር ስለ ጫማው ሊከራከር አፉን ከፈተ፣ ግን ዓይኑን በእጅጌው ጠረገ። እናቱም እያዩ እንዳላዩ ሆነው የሚታጠፍ አንሶላ ጫፍ አስያዙት።

ወሬው እናቱ ዘንድ አላደረም። ጓደኞቻቸውን ጠሩ፤ ጓደኞቻቸው ባሎቻቸውን ቀሰቀሱ፤ እህቱም ሙሉ ጥርስ የሠራችላቸውን ሁሉ ስልክ እየደወለች ነገረች። የጡረተኞች ክበብ አዳራሹን ለቀቀና ሚስማር «ቅይጥ»ን ለመጀመሪያ ጊዜ መድረክ ላይ ሊዘፍን በጠራራ ፀሐይ ቀጠሮ ያዘ። በሩ ላይ ትኬት የሚቆርጥ የለም። እህቱ ጓንቷን አጥልቃ፣ ትንሿን መስታወት ይዛ፣ የእያንዳንዱን ሰው አፍ እያየች ታስገባ ነበር። ከንፈራቸውን ወደ ውስጥ ሰብስበው ሽማግሌ ለመምሰል የሞከሩ ጎረምሶችን መለሰች። ያም ሃያሲ መጣ።

«ሠላሳ ሁለቱም አሉህ» አለችው።

«ሁለቱ የተሞሉ ናቸው።»

«የተሞላ አይቆጠርም። የሚቀጥለው ይግቡ።»

አዳራሹ ጢም ብሎ ሞላ። ሚስማር ሲወጣ ጭብጨባ አልነበረም፤ ሳል ነበር። ሦስተኛው ዘፈን ሲጀምር ዓይኑን ወደ ተመልካቾቹ እጆች ወረወረ። እጆች ሁሉ ጭን ላይ ናቸው። ማንም ጉንጩን አልያዘም። አራተኛው አለፈ። አምስተኛው ላይ ግን ከኋላ አንድ አዛውንት ብድግ አሉ፤ በወጣትነታቸው በማርሽ ባንድ ጥሩምባ ይነፉ የነበሩ ናቸው።

«አቁም፣ ልጄ» አሉ። «ጥሩምባው ይቸኩላል።»

«ተናግሬያለሁ» አሉ እናቱ ከፊት ወንበር ሳይዞሩ።

«ይቸኩል እንጂ፣ ወጣት አይደለም እንዴ?» አሉ ሌላ አሮጊት። ክርክሩ ጦፈ። ሚስማር ማይኩን እንደያዘ ቆሞ ጠበቀ። በሕይወቱ እንዲህ ያለ ደስታ ተሰምቶት አያውቅም ነበር። ሲበቃቸው «በል ቀጥል» አሉት፤ ቀጠለ። ስምንተኛው ላይ ምቱ ሞቅ ሲል፣ ሽማግሌዎቹ ሰው ሠራሽ ጥርሳቸውን ቀጭ ቀጭ እያደረጉ ያጅቡት ጀመር። አቀናባሪው በቦታው ኖሮ ያንን ቢሰማ ጥሩ ነበር፤ እሱ ግን ገና ጥርስ ስላለው ደጅ ነው የቀረው።

የመጨረሻው ዘፈን ላይ ሚስማር ጫማውን ጥቁር አደረገው። ቃሉ ተለውጦ ምቱ ሲደናቀፍበት ዝም ብሎ አለፈው። ሲጨርስ አንድ አዛውንት መሐረብ ፍለጋ ኪሳቸውን ይዳብሱ ነበር። እናቱ ወደ ጎን ዞረው ለጎረቤታቸው «ያልኩሽ እሱ ነው» አሉ።

ከዚያ ሁሉም ቀስ በቀስ እየተነሡ፣ መድረኩ ሥር እየመጡ እጁን ጨበጡት። ሰባተኛው ረዝሟል ያላለው ሰው የለም። የጥሩምባው አዛውንት በመጨረሻ መጡና እጁን ሳይለቁ ጠጋ አሉት።

«ሦስተኛ አልበም ታስባለህ?»

«አስባለሁ፣ አባባ።»

«ጥሩ። አደራህን፣ በጉልበታችን እንዳትመጣብን። የቀረን እሱ ነው።»

ሚስማር በጉልበታቸው እንደማይመጣባቸው ቃል ገባላቸውና ክንዳቸውን ደግፎ ደረጃውን አወረዳቸው።