ኪሱ ያልተገለበጠ ኮት

ልጅ ከሰው ቤት ኮት ለብሶ ሲመጣ፣ ከኮቱ ጋር ሌላ ምን ይዞ እንደመጣ ያሳደገችው በምን ታውቃለች? አያትየዋ ይህን እያሰላሰለች ሻይ ጣደች።  ጎህ ሲቀድ ከሜዳው በኩል ሁለት ጊዜ ተኩስ ሰምታ ነበር፤ ጎረቤት ወፍ እያባረረ ነው ብላ ተወችው።

ኮቱ ከበሩ ኋላ ተንጠልጥሏል። ትከሻው ቆዳ፣ ኪሱ ሰፊ፣ የአደን ኮት ነው። የልጅ ልጇ ትናንት ከአማቱ፣ ከሚስቱ አባት፣ ተሰጥቶት ለብሶት ሲገባ መስታወት ፊት ሦስቴ ዞረ። ካገባ ወዲህ በዚህ ቤት "አማቴ" የማይገባበት ወሬ ጠፍቷል። አማቴ እንዲህ አሉ፣ አማቴ እንዲያ አደረጉ። የሻይ ስኳር እንኳ በአማቱ ልክ ሆኗል። እሷ፣ እናቱ ከሞተች ወዲህ በጀርባዋ አዝላ አሳድጋው፣ አሁን ደርሶ ሌላ ሰው ሊወስድባት! 

ባሏ በሕይወት ሳለ በቤቱ አንድ ሕግ ነበረ፤ ኪሱ ጠረጴዛ ላይ ሳይገለበጥ የአደን ኮት አይሰቀልም። ልጁ ግን ትናንት ለዛሬው አደን ቀያዮቹን ጥይቶች ቀኝ ኪሱ ውስጥ ዘረገፈና ኮቱን ዝም ብሎ ሰቀለው። ማታ እሷ እጇን ሰደደች። ከቀያዮቹ ሥር ሁለት ቢጫ ጥይቶችና አንድ የተተኮሰ ቢጫ ቀፎ አገኘች። ለቤቱ ጠመንጃ የማይሆኑ ናቸው፤ ልትጠራው ዞረች። ቀጥሎ ግን ሌላ ነገር ሹክ አላት። አሁን ብነግረው ማን ያይልኛል? ነገ፣ ያ አማቱ ባለበት! አንድ በአንድ ወደ ኪሱ መለሰቻቸው።

አማትየው በማለዳ መጣ። ገና ከመቀመጡ ልጁ ወንበሩን ወደሱ አስጠጋ።

"ለጅግራ ደቃቁን የእርሳስ ፍሬ ነው የምትይዘው" አለ አማትየው። "ጥይቱ ላይ የፍሬው ቁጥር ሲያድግ፣ ውስጡ ያለው ፍሬ ይደቃል። በትልቁ ከመታሃት ላባዋን ለቅመህ ነው የምትመጣው።"

ልጁ ሳቀ። ይህንኑ ሟቹ አያቱ ስንቴ ነግሮታል! ዛሬ ግን ከሰማይ የወረደ ሆነለት።

"የፍሬውስ ተነገረ" አለች አያትየዋ ዳቦ እየቆረሰች። "የአፈሙዙን ማን ይንገረው?"

"እማዬ ደግሞ!" አለ ልጁ፣ አማቱን ጠቀስ አድርጎ። "ቀንታ እኮ ነው።"

ቢላዋውን አስቀመጠች። ባሏ የተወውን ባለ ሁለት አፈሙዝ ጠመንጃ ከጥጉ አነሳች፣ ከወገቡ ሰበር አድርጋ ባዶነቱን በሁለቱም በኩል አየች። የባሩድ ሽታ ሽው አላት፤ ልብ አላለችውም።

"ጎኑ ላይ የተቀረጸውን አንብብ።"

"አሥራ ሁለት።"

ኮቱን አውርዳ ቀኝ ኪሱን ጠረጴዛው ላይ ገለበጠችው። ከቀያዮቹ መሐል ቢጫዎቹ ተንከባለሉ። "እነዚህስ?"

ልጁ አንስቶ አየ። "ሃያ።"

"የአፈሙዝ ቁጥር ሲበዛ አፈሙዙ ይጠባል። ሃያው ከአሥራ ሁለቱ ይቀጥናል።" ባዶውን ቢጫ ቀፎ በአንደኛው አፈሙዝ ማጉረሻ ለቀቀችው። ሸርተት ብሎ ገባና ከእይታ ጠፍቶ መሐል ተሸነቆረ። "ስትቸኩል አላጎረስኩም ብለህ ቀዩን ከኋላው ትደርባለህ፤ ይገባል። ምላጩን ስትስብ አፈሙዙ የሚፈነዳው እጅህ ላይ ነው። ጣትህን ከየት ትለቅማለህ? አማትህ ይለቅሙልሃል?"

አማትየው ከወንበሩ ተነሳ። "የኔ ጠመንጃ ባለ ሃያ ነው... ኪሱን ሳላይ ሰጠሁት። ጥፋቱ የኔ ነው፣ እናቴ።" ጎንበስ ብሎ እጇን ያዘ። "ልጃችንን አተረፉልኝ።"

ልጃችን! ያ ቃል ድሏን አበላሸባት። ልጁን ዞራ አየችው፤ እንዲኮራባት። እሱ ቢጫዎቹን እያየ ነበር።

"እማዬ፣ ሳታዪ ነው ኪሱን የገለበጥሽው? ወይስ ታውቂ ነበር?"

"አውቅ... ማታ ነው ያየሁት።"

"ማታ?"

"ጠዋት ልነግርህ ብዬ... እሳቸው ሲመጡ..."

ልጁ ኮቱን ከእጇ ወሰደ። እሷ ያልነካችውን የግራ ኪስ ገለበጠው። ሁለት የተተኮሱ ቀይ ቀፎዎች ጠረጴዛው ላይ ወደቁ፤ ባሩዳቸው ገና ይሸታል።

የንጋቱ ተኩስ ጆሮዋ ውስጥ እንደገና ጮኸ። ጎረቤት አልነበረም። ልጇ ነበር፣ ከአደኑ በፊት እጁን ሊሞክር ይህን ኮት ለብሶ ወጥቶ፣ ድንግዝግዝ ባለ ብርሃን ቀኝ ኪሱን እየዳበሰ። እጁ ቀዩ ላይ ያረፈው በዕድል ነው። ቀድሞ ያጎረሰው ቢጫ፣ የደረበበት ቀይ ሆኖ ቢሆንስ?

"የኔ ልጅ" አለች። "እኔ እኮ... ልንገርህ ብዬ..."

እሱ ሁለቱንም ኪስ በሚገባ አራገፈ፤ ገበራቸው እንደ ምላስ ተንጠልጥሎ ቀረ። ኮቱን እንደ ቤቱ ሕግ መስቀያው ላይ ሰቀለ። ጠመንጃውን አልነካውም፣ አማቱንም አልጠራም። በሩን ከፍቶ ወጣ።