የሰር አምብሮዝ የአሥር ሰዓት መንገድ

የታላላቅ ሰዎችን ሕይወት የሚጽፍ ሰው ሙት ወቃሽ ላለመሆን ሲል ሙት አወዳሽ ሆኖ ያርፈዋል። ሄስተር ራግም የዳኛ ሰር አምብሮዝ ተርከልን የሕይወት ታሪክ ስትጽፍ ሁለት ዓመት ሙሉ ስታወድስ ከርማለች። የቀራት የመጨረሻው ምዕራፍ ብቻ ነበር። የቀሩትን ወረቀቶች ለማየት እንግሊዝ ገጠር፣ ሽሮፕሺር ወደሚገኘው ቤታቸው መጥታ፣ ሰባ ዘጠኝ ዓመት ከሆናቸው ብቸኛ ልጃቸው ከሚስ ሮዛመንድ ጋር ሰነበተች።

ቤቱ ግን አልወደዳትም። በየቀኑ ልክ አሥር ሰዓት ላይ በሩ ላይ ያለው የደብዳቤ ማስገቢያ ቀዳዳ ክዳን ቀጭ ይላል። ሄዳ ስታይ ምንጣፉ ላይ ምንም የለም።

«ንፋስ ነው?» አለች በመጀመሪያው ቀን።

«አባባ ናቸው» አሉ ሚስ ሮዛመንድ፣ ሻያቸው ላይ ወተት እየጨመሩ። «የሚወጡበት ሰዓት ነው። ዝናብም ይሁን በረዶ ደብዳቤያቸውን ራሳቸው ነበር ፖስታ ሳጥን የሚከቱት። ለሠራተኛ አይሰጡ፣ ለእናቴ አይሰጡ። ለእኔማ ጭራሽ! ሰው አያምኑም ነበር፣ ልጄ። እኔን ደግሞ ከሁሉም ያነሰ።»

ሄስተር ይህን ወሬ ከብዙ ሰው ሰምታ ሦስተኛው ምዕራፍ ላይ እንደ ቀልድ ጽፋዋለች።

ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ጣሪያ ሥር ካለው ክፍል አንዲት የቆርቆሮ ሣጥን አገኘች። ውስጧ ዳኛው የሞት ፍርድ ሲፈርዱ ራሳቸው ላይ የሚደርቧት ጥቁር ጨርቅ ነበረች። ስታነሣት ጣቶቿን በረዳት። ከሥሯ በቀይ ሰም የታሸገ፣ ቴምብር የተለጠፈበት፣ ለአገር ውስጥ ሚኒስትሩ የተጻፈ ደብዳቤ አለ። ማንም አልከፈተውም። አንዲት ብጣሽ ወረቀት በመርፌ ተያይዛበታለች፤ የእጅ ጽሑፉ የዳኛው ነው።

«ሞት የፈረድኩበት ጆሴፍ ፕሩት በተሰቀለ በዘጠነኛው ቀን ይህ ደብዳቤ ከልጄ አሻንጉሊት አልጋ ሥር ተገኘ። በደብዳቤው ምሕረት ጠይቄለት ነበር። ልጅቷ ምን እንዳስከተለ አታውቅም፤ ማወቅም የለባትም።»

ሄስተር ደግማ አነበበችው። መጽሐፏን ሰው ሁሉ እንዲሻማበት የሚያደርግ ወረቀት ነው። ታች ያሉትን አሮጊት ደግሞ ይገድላቸዋል። ቦርሳዋ ውስጥ ወሽቃው ስትዞር ሚስ ሮዛመንድ በሩ ላይ ቆመዋል።

«ምን አገኘሽ?»

«ምንም።»

«ውሸት አይሆንልሽም። ጆሮሽ ቀላ» አሉና እጃቸውን ዘረጉ። ሄስተር ደብዳቤውን አውጥታ ሰጠቻቸው። ቀዩን ሰም ሲያዩ ግን ሣጥኑ ላይ ዝርፍጥ ብለው ተቀመጡ። ብጣሿን አነበቡ።

«ልጅ ሳለሁ አባባ ሁልጊዜ አንሥተው ደብዳቤውን ፖስታ ሳጥኑ ውስጥ ያስከትቱኝ ነበር» አሉ። «ያን ቀን ግን ‹ሰባት ዓመት ሞልቶሻል፣ ብቻሽን ሂጂ› አሉኝ። አልደረስኩበትም፣ ሄስተር። ዘለልኩ፣ ዘለልኩ፣ አቃተኝ። አልደረስኩም ለማለት ደግሞ አፈርኩና ደበቅኩት። ‹ከተትሽው?› ሲሉኝ ‹አዎ፣ አባባ› አልኩ።»

«ደብዳቤው ቢደርስም ይሰቅሉት ይሆን ነበር። ማን ያውቃል?» አለች ሄስተር።

«ማንም አያውቅም። ችግሩ እሱ አይደል?» ፊታቸውን በእጃቸው ሸፈኑ። «እኔ ደግሞ ዕድሜ ልኬን ስላላመኑኝ ስቀየማቸው! ለካ እንዲህ ያለውን በደል ሌላ ሰው እንዳይሸከመው ብለው ነው።»

ሄስተርን ሦስተኛው ምዕራፍ ላይ ያለው ቀልዷ አሳፈራት።

አሥር ሰዓት ሊሞላ ትንሽ ሲቀረው ሚስ ሮዛመንድ ካፖርታቸውን ለብሰው ወጡ። ሄስተር ተከተለቻቸው። መንገዱ ዳር ቀዩ የፖስታ ሳጥን ከቦታው አልተነቃነቀም፤ አፉ የአሮጊቷ ደረት ትክክል ነው። ደብዳቤውን ይዘው ፊቱ ቆሙ። እጃቸው ግን አልነሣ አለ።

«አልደርስበትም» አሉ። ድምፃቸው የልጅ ድምፅ ሆነ። «አንሺኝ።»

ሄስተር መጽሐፏን አሰበች፤ ማስረጃው እዚያች እጅ ላይ ነው። ከዚያ ከኋላቸው ሆና ብብታቸውን ያዘችና አነሣቻቸው። ክብደታቸው ካፖርቱ ብቻ ይመስል ነበር።

ደብዳቤው ገባ። ከኋላቸው፣ ባዶው ቤት በር ላይ፣ ክዳኑ ቀጭ አለ።