ገብስማ ማለት

ፅጌረዳ በሠላሳ አንድ ዓመት የትርጉም ሥራዋ አንድም ቀን ተሳስታ አታውቅም። ይህን የምትናገረው ራሷ ናት፤ ሌላ ምስክር አልቀረበም። የልደት ምስክር ወረቀት፣ የጋብቻ ውል፣ የፍርድ ቤት ውሳኔ፣ ስደተኞች የደረሰባቸውን የሚጽፉበት ቃል፣ ምኑ ቅጡ! ቶሮንቶ ውስጥ ከአማርኛ ወደ እንግሊዝኛ ከተገለበጠው ወረቀት ግማሹ በእሷ እጅ አልፏል ቢሏችሁ እመኑ። ኖርዝ ዮርክ ባለው አፓርትማዋ ዐሥራ አራተኛ ፎቅ ላይ ተቀምጣ፣ በየወረቀቱ ግርጌ «ትርጉሙ ትክክልና የተሟላ ነው» የሚለውን ማኅተሟን ስታሳርፍ ጠረጴዛው ሳይቀር ይንቀጠቀጣል።

ስለዚህ የስደተኞች ጠበቃ የሆነችው ማያ ደውላ «እትዬ ፅጌረዳ፣ አንድ ቃል ላይ ፕሮብለም አለ» ስትላት፣ ፅጌረዳ ቃሉ ምን እንደሆነ አልጠየቀችም። «ማን ነው ያለው?» ነው ያለችው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ጋሽ ዘውዴ የሚባሉ የስድሳ ስድስት ዓመት ሰው ከአዲስ አበባ ወጣ ብሎ ዶሮ ያረቡ ነበር። አንድ የአካባቢው ባለ ጊዜ መሬታቸውን ፈለገና ታጣቂ አስከትሎ መጥቶ የዶሮ ቤታቸውን አቃጠለ፤ እሳቸውንም አራት ወር አሳሰረ። እንደ ምንም አምልጠው ካናዳ ገቡና ማያን ጠበቃ ይዘው ጥገኝነት ጠየቁ። ታሪካቸውን በገዛ እጃቸው በአማርኛ ጻፉ፤ ፅጌረዳ ዘጠኝ ገጽ አድርጋ ተረጎመችው። የሰውየውን መልክ ሲገልጹ «ረጅም፣ ጠይም፣ ፀጉሩ ገብስማ» ብለው ነበር። ፅጌረዳ «ፀጉሩ የገብስ ቀለም ያለው» ብላ መለሰችው። ይህን በእንግሊዝኛ የሚያነብ ሰው የሚታየው ደግሞ እንደ ፈረንጅ ቢጫ ፀጉር ያለው ባለ ጊዜ ነው።

ችሎት በቀረቡ ዕለት ጋሽ ዘውዴ ያንኑ «ገብስማ» ደገሙት። የችሎቱ አስተርጓሚ ሰብስቤ ግን «ጥቁርና ነጭ የተደባለቀ» አለ። ማያ ያቀረበችው፣ ጋዜጣ ላይ የወጣ የሰውየው ፎቶግራፍም እንደ ሰብስቤ አባባል ነው። ዳኛዋ መነጽራቸውን አወለቁ። በጽሑፍ ቢጫ፣ በቃል ጥቁርና ነጭ፤ ታዲያ የትኛው ነው? ይህ ሰው አሳሪውን በእርግጥ ያውቀዋል ወይስ ፎቶግራፉን ካየ በኋላ ነው ቃሉን ያስተካከለው? ማብራሪያ እንዲቀርብ ለሁለት ሳምንት ቀጠሩ። ማብራሪያ ካልተገኘ ጋሽ ዘውዴ ውሸታም ተብለው ወደዚያው ሰውዬ ይመለሳሉ ማለት ነው።

«የተሳሳተው ሰብስቤ ነው» አለች ፅጌረዳ በስልክ። «ከቡና ቡናማ፣ ከአመድ አመድማ፣ ከገብስ ገብስማ። ይሄ እኮ የአራተኛ ክፍል ሰዋስው ነው! ቡናማን ጥቁርና ነጭ ነው የሚል ሰው አይተሽ ታውቂያለሽ?»

ማያ እዚሁ ተወልዳ ያደገች ልጅ ናትና የአራተኛ ክፍል ሰዋስው የተማረችው በእንግሊዝኛ ነው። «ጋሽ ዘውዴ ቱስደይ ኦፊስ ይመጣሉ። እርስዎም ይምጡና ፊት ለፊት ቶክ እናድርግ» አለቻት።

የማያ ቢሮ ዳንፎርዝ መንገድ ላይ ከአንድ የሐበሻ ሱቅ በላይ ነው። ፅጌረዳ ስትደርስ ጋሽ ዘውዴ መስኮቱ አጠገብ ባርኔጣቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው ተቀምጠዋል። ቀጭን ሰው ናቸው፤ ድምፃቸው ግን ቀጭን አይደለም።

«ጋሽ ዘውዴ፣ ሲምፕል ነው» አለች ማያ። «ስጽፍ ኮንፊውዝ አድርጎኝ ነበር፣ ተሳስቻለሁ ይበሉ። ስትረስ ነበረብዎት። ዳኛዋ አንደርስታንድ ታደርጋለች።»

«አልተሳሳትኩማ።»

«አይ ኖው። ግን ትራንስሌሽኑን ብሌም ካደረግን ዘጠኙም ፔጅ ነው ክዌስችን የሚደረገው። አንድ ቃል ሮንግ ከሆነ ሌላውስ? ትላለች። በጣም ሪስኪ ነው።»

ጋሽ ዘውዴ ባርኔጣቸውን ከጉልበታቸው አንስተው ጠረጴዛዋ ላይ አስቀመጡት። «ስሚ ልጄ፤ እዚያ አራት ወር አስረው ‹ተሳስቻለሁ ብለህ ፈርም› ሲሉኝ አልፈረምኩም። ጥርሴን አውልቀውም አልፈረምኩም። እዚህ ወንበር ስበሽ ስላስቀመጥሽኝ እፈርማለሁ?»

ፅጌረዳ ደግሞ በልቧ ሰውየውን ወደደቻቸው፤ መውደዷ ግን ብዙ አልቆየም፤ ወደ እሷ ዞሩባት።

«የተረጎምሽው አንቺ ነሽ?»

«እኔ ነኝ ጋሽ ዘውዴ። የጻፉትን ነው የተረጎምኩት፤ ገብስማ ብለዋል፣ የገብስ ቀለም አልኩ።»

«ዶሮ ገዝተሽ ታውቂያለሽ?»

«በየሳምንቱ።»

«ላባ ያለው?»

ፅጌረዳ ከአዲስ አበባ የወጣችው በዐሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ነው። እዚያ ሳለች ዶሮ ገበያ የምትሄደው እናቷ ነበረች፤ እሷ ዶሮ ሲታረድ እንኳን በር ዘግታ ጥናት ላይ ነኝ ትል ነበር። በቶሮንቶ ሠላሳ ስምንት ዓመት ውስጥ የገዛችው ዶሮ ሁሉ ደግሞ ራቁቱን፣ በፕላስቲክ ተጠቅልሎ ነው የመጣው። ቀዩም ነጩም ገብስማውም እዚህ አገር አንድ ቆዳ ነው።

«ወደዚህ ነይ» አሉና መስኮቱን አሳዩዋት። «ያ መንገድ ሊሻገር የቆመው ጥቁር ጃኬት የለበሰ ፈረንጅ ይታይሻል? ፀጉሩን እይው። ጥቁሩም አለ፣ ነጩም አለ፤ አንዱ አንዱን አላሸነፈውም። ገብስማ ማለት ያ ነው። ዶሮም ላባው እንደዚያ ከሆነ ገብስማ ይባላል። እኔ ሃያ ሁለት ዓመት ስሸጥ አንድ ሰው እንኳ ገብስማ አምጣ ብሎኝ ቢጫ ዶሮ አልሰጠሁትም።»

«እሱን እኮ ሽበት ማለት ይቻል ነበር» አለች ፅጌረዳ። መቼም እጅ መስጠት አይሆንላትም።

«ሽበት ዕድሜ ነው። ገብስማ መልክ ነው። ቤቴን ሲያቃጥል ዕድሜውን አልጠየቅሁትም፤ መልኩን ነው ያየሁት።»

«ታዲያ ገብሱ ከየት መጣ?»

ጋሽ ዘውዴ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቁ፤ የጎደለው ጥርሳቸው ታየ። «የገብስ ቆሎ በልተሽ አታውቂም? ሲቆላ አንዱ ይጠቁራል፣ አንዱ ነጣ ብሎ ይቀራል፤ ስታፍሺው ቅልቅል ነው። አንቺ ጥሬውን ነው የተረጎምሽው።»

«ኦ! ሶልት ኤንድ ፔፐር!» ብላ ጮኸች ማያ።

ፅጌረዳን ያቃጠላት ይሄ ነው። ጨውና ቁንዶ በርበሬ፤ ፈረንጆቹ ለዚሁ ፀጉር የሚሉትን ስንት ዓመት ሰምታዋለች፣ ብላዋለችም። ቃሉ በእንግሊዝኛ አልጠፋባትም። የጠፋባት በአማርኛ ነው። ሰው እንግሊዝኛ ሲሳሳት ስትስቅ የኖረች ሴት የገዛ ቋንቋዋ ሳቀባት። አፈረች። እፍረቷ ደግሞ ወዲያው ወደ ንዴት ተለወጠ፤ በማን ላይ እንደምታወጣው ግን አላወቀችም።

በባቡር ስትመለስ ዓይኗ ከሰው ጭንቅላት ላይ አልነሣ አለ። ከፔፕ ጣቢያ እስከ ያንግ ጣቢያ ድረስ ሰባት ገብስማ ቆጠረች። አንዱን አፍጥጣ ብታየው ሰውየው የሚያውቃት መስሎት ሰላም አላት።

ያን ሳምንት ሥራ አልሠራችም። ፈርታ ነበር፤ ይህን መደበቅ አያስፈልግም። ተሳስቻለሁ ብላ ፊርማዋን ካነሳች ወሬው በአንድ ቀን ከጠበቃ ጠበቃ ይዳረሳል፤ በማኅተሟ ያለፈውን ፋይል ሁሉ የሚያገላብጥ አይጠፋም። ዝም ካለች ደግሞ ጋሽ ዘውዴ ተሳስቻለሁ አይሉም፤ አይሉም እንዳሉ ይመለሳሉ። የሚቃጠል ዶሮ ቤት ስለሌለ በዚህ ጊዜ ታጣቂዎቹ የሚያገኙት እሳቸውን ነው። ከችሎቱ በፊት ባለው ቀን ለማያ ደወለችላት።

«ነገ መጥቼ እናገራለሁ።»

«እትዬ፣ ፕሊዝ እንዳይመጡ። ሌላ ፕላን አለኝ። እርስዎንም ይጎዳል፣ ኬዙንም ሊጎዳ ይችላል።»

«ፕላንሽ ምንድን ነው?»

«ማይነር ነው እላለሁ። የፀጉር ከለር ትንሽ ነገር ነው።»

«ትንሽ ነገር ቢሆን ኖሮ ሰውየው ጥርሳቸውን አያስወልቁበትም ነበር» አለችና ስልኩን ዘጋችው። ነገሩ በትክክል እንዲያ አልነበረም፤ ጥርሱ የወለቀው በፊርማ ነው። ግን ስትናደድ ማስረጃ አታጣራም።

በማግሥቱ በጠዋት ደረሰች። ጋሽ ዘውዴ ትግባ ስላሉ ከኋላ እንድትቀመጥ ተፈቀደላት። ማያ ተነስታ «ልዩነቱ ጥቃቅን ነው» የሚለውን ንግግሯን ጀመረች። ዳኛዋ በትዕግሥት ሰሟትና «ሰውን መለየት ጥቃቅን አይደለም» አሉ። ማያ ሁለተኛ ወረቀቷን ስትፈልግ ፅጌረዳ ብድግ አለች።

«እርስዎ ማን ነዎት?» አሉ ዳኛዋ።

«ዘጠኙን ገጽ የተረጎምኩት እኔ ነኝ። የተሳሳቱት እሳቸው አይደሉም፤ እኔ ነኝ።»

ማያ ፊቷን በእጇ ያዘች። ዳኛዋ ፅጌረዳን አቅርበው በመሐላ አስቀመጧት። ፅጌረዳም ቡናማውን፣ ገብሱን፣ ቆሎውን፣ ራቁቱን ዶሮ ሁሉ አንድ በአንድ ተናገረች። ሰብስቤ ለጋሽ ዘውዴ ወደ አማርኛ እየመለሰ ሳለ ሳቁን መዋጥ አቃተው። እሱንም ገላመጠችው።

«በሠላሳ አንድ ዓመት ይህን ቃል አያውቁትም ነበር?»

«አላውቀውም ነበር።»

«ማኅተሙን ሲያሳርፉስ?»

«የማውቅ መስሎኝ ነበር። እሱ ይብሳል።»

ዳኛዋ ጻፉ። ከዚያ ማያ የፈራችው ጥያቄ መጣ። «በዘጠኙ ገጽ ውስጥ የሚጠራጠሩት ሌላ ቃል አለ?»

የለም ማለት ቀላል ነበር። ማያ በዓይኗ የለም ይበሉ እያለቻት ነው። ፅጌረዳ ግን አንዴ ከተነሳች ግማሽ መንገድ ላይ የምትቀመጥ ሰው አይደለችም።

«አላውቅም» አለች። «ገብስማንም ስጽፍ አልተጠራጠርኩም ነበር። ስለዚህ ወረቀቴን ይተዉት። ፊርማዬን አንስቻለሁ፤ ከዛሬ ጀምሮ በዚያ ወረቀት ሰውየውን ውሸታም ማለት አይቻልም። እሳቸው እዚህ ተቀምጠዋል፣ ቋንቋቸውን አሳምረው ያውቃሉ። ከአፋቸው ይስሟቸው።»

«ከዚህ በኋላ በዚህ ሥራ ላይ ችግር ሊገጥምዎት እንደሚችል ያውቃሉ?» አሉ ዳኛዋ።

«አውቃለሁ። ይግጠመኛ!»

ሰብስቤ ይህችን «ይግጠመኛ» ለጋሽ ዘውዴ መተርጎም አላስፈለገውም፤ ፅጌረዳ በአማርኛ ነበር ያለችው። ለዳኛዋ ወደ እንግሊዝኛ ለመመለስ ግን ጥቂት አሰበ።

ጋሽ ዘውዴ ከመጀመሪያው ጀምረው ተናገሩ። ሁለት ሰዓት ተኩል ፈጀባቸው። ፅጌረዳ እርሳስ ሳትይዝ፣ እንግሊዝኛውን በልቧ ሳታሰናዳ የሰው ታሪክ ስትሰማ ይህ የመጀመሪያዋ ነበር። ዘጠኙን ገጽ ስትተረጉም ያላለቀሰችውን እዚያ አለቀሰች። ዳኛዋ መሐል ላይ እያቆሙ ጠየቁ፤ ጋሽ ዘውዴ ፎቶግራፉ ላይ የማይታየውን፣ ሰውየው ሲናደድ አንገቱን የሚያክበትን ሁኔታ፣ የመጣባትን መኪና፣ መጀመሪያ የተቃጠለውን የቤቱን ማዕዘን ሳይቀር ተናገሩ። ከዕረፍት መልስ ዳኛዋ ውሳኔውን ዛሬውኑ በቃል እሰጣለሁ አሉ።

ቀስ እያሉ በእንግሊዝኛ ያነባሉ፤ ሰብስቤ እየተከተለ ወደ አማርኛ ይመልሳል። ዳኛዋ የጽሑፉን ትርጉም ከመዝገብ ማውጣታቸውን፣ ተርጓሚዋም ማውጣቱን ራሷ መጠየቋን ገለጹ። ቀጠሉ፦ «አመልካቹ ጌብሲማ ሲሉ የገለጹትን ሰው በሚመለከት...»

ሰብስቤ ቃሉ ላይ ሲደርስ ቆመ። ከአማርኛ ወደ አማርኛ ምን ብሎ ይመልስ?

ጋሽ ዘውዴ እጃቸውን አነሱ። ማያ እጅጌያቸውን ልትይዝ ብትዘረጋ አልደረሰችባቸውም።

«ጌብሲማ አይደለም» አሉ። «ገብስማ ነው በላት።»

ሰብስቤ ዳኛዋን አየ፣ ማያን አየ። ውሳኔው ገና አልተነበበም፤ የሰውየው ነገር እዚያች ወረቀት ላይ ነው ያለው። ዳኛ ይታረማል እንዴ?

«በላት እንጂ!» አለች ፅጌረዳ ከኋላ።

ሰብስቤ ነገራቸው። ዳኛዋ ከወረቀታቸው ቀና ብለው ጋሽ ዘውዴን አዩአቸው። «ገብ-ስማ» አሉ ቀስ ብለው፤ ከዚያም አንድ ጊዜ ደገሙት፣ «ገብስማ።»

«አሁን ልክ ነዎት» አሉ ጋሽ ዘውዴ። «ይቀጥሉ።»

ዳኛዋም ወደ ወረቀታቸው ተመለሱና የጥገኝነት ጥያቄው ተቀባይነት ማግኘቱን አነበቡ።