የአባ ኤድመንድ ስለት

ክንፉ ልቡ ደግ ነው፤ ችግሩ ደግነቱ ከማሰቡ ይቀድማል። ኦክላንድ አጠገብ ባለችው አልባኒ ውስጥ የሚንከባከባቸውን እንግሊዛዊ ሽማግሌ ዳሌ ያሰበረውም ይኸው ደግነቱ ነው።

ሽማግሌው ኤድመንድ ይባላሉ። «አባ» ያላቸው ክንፉ ነው፣ ቄስ መሆናቸውን የሰማ ቀን። በወጣትነታቸው ክሪኬት ተጫውተዋል፤ ኳስ በእንጨት የሚመታበትን ያገራቸውን ጨዋታ፣ ያውም ለፍቅር ብለው እንጂ ለደመወዝ አይደለም። ከዚያ አስተማሪ ሆኑ፤ ቆይተውም ቀሰሱ። ባለቤታቸው ሲሞቱ ሳኒቬል ከተማ የምትሠራው ልጃቸው ወደዚህ አመጣቻቸው። አሁን ተሽከርካሪ ወንበር ላይ ተቀምጠው በመስኮት ውጭ ውጭውን ያያሉ፤ እያዩም አንዲት ነገር ይደጋግማሉ፦ «አይ ሹድ ሃቭ ዎክድ።»

መራመድ ነበረብኝ ማለት ነው፤ የክንፉ እንግሊዝኛ ለዚህ አያንስም። ታዲያ አንድ ቄስ በስተርጅና «በእግሬ መሄድ ነበረብኝ» እያለ የሚቆጨው በምን ምክንያት ነው? በስለት ነዋ! ክንፉ ራሱ «ዲቪ ከደረሰኝ ቁልቢ ድረስ በእግሬ እሄዳለሁ» ብሎ ተስሎ፣ ሲደርሰው ጊዜ የለኝም ብሎ በአውሮፕላን እብስ ያለ ሰው ነው። ያ ስለት እስከ ዛሬ ይከነክነዋል። የራሱን ቁስል በሰው ገላ ላይ አየና አዘነ።

ቤት እየመጣች የምታያቸው ነርስ «እኔ ሳልኖር ከወንበሩ እንዳታነሳቸው» ብላ አስጠንቅቃዋለች። እሱ ግን አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ከመንገዱ ማዶ ያለችውን ትንሽ ቤተ ክርስቲያን አሳያቸውና «አባ፣ ዛሬ በእግርዎ እንሂድ?» አላቸው። አባ ነርሷ የፈቀደች መስሏቸው ፈገግ ብለው እጃቸውን ሰጡት። የበሩን ደረጃ ሲወርዱ ጉልበታቸው ከዳቸው፤ ክንፉ ሊይዛቸው ቢሞክርም አመለጡት።

ኦክላንድ ሆስፒታል ገብተው ዳሌያቸው ተጠገነ። በማግስቱ የክንፉ አለቃ ዓፊፋ መጣች፤ ደሴ ያደገች፣ አፏ የማያርፍ፣ አንጀቷ ግን ቶሎ የሚራራ ሴት ናት። እንዴት ወደቁ ብላ ስትጠይቅ አባ ክንፉን ቀደሙት።

«እሱ ኪችን ነበር። ራሴ ነኝ የተነሳሁት» አሉ።

«አልሐምዱሊላህ!» አለች ዓፊፋ ወደ ክንፉ ዞራ። «ፋየር ሊያደርጉህ ነው ብዬ ሌሊቱን አልተኛሁም እኮ! በል ሪፖርቱን ልጨርስና ክሎዝ እናድርገው።» ይህን ብላ ወደ ኮሪደሩ ወጣች።

ክንፉ አላስቆማትም። ሥራው ከሄደ አገር ቤት ያለችው የሚስቱ የወለተ ማርያም የመምጫ ፕሮሰስ ይቆማል፤ ስፖንሰር የሚሆናት በዚሁ ደመወዝ ነው። ዝም አይነቅዝም ይባል የለ? እሱ ግን ዝም እንዳለ ውስጡ ነቀዘ። ያደረሰባቸው ስብራት አንሶ ደግሞ ስለ እሱ ሲሉ ሲዋሹ መስማቱ አንገበገበው።

«አባ፣ ቄስ ነዎት፤ ለምን ዋሹልኝ?» አላቸው። «እኔ ስለትዎን ላደርስልዎ ብዬ ነው ጉድ የሠራሁዎት።»

«የምን ስለት?»

«መራመድ ነበረብኝ የሚሉትን ነዋ!»

አባ ሊስቁ ሞከሩ፤ ዳሌያቸው አልፈቀደም። ከዚያ አስረዱት። በክሪኬት ኳሷ የተጫዋቹን እንጨት ጨርፋ መሬት ሳትነካ ከተያዘች ተጫዋቹ ወጥቷል። ዳኛው ባያይ እንኳ ጨዋ ሰው ራሱን ያውቃል፤ ሳይጠየቅ ከሜዳው ይወጣል። «ዎክ» የሚሉት ይህንን ነው።

«ነክቻት ነበር፤ ድምፅዋን ሰምቻለሁ» አሉ። «ዳኛው አልሰማም። ቆምኩ፤ ቆሜም መቶ ነጥብ አስቆጠርኩ። ያን ቀን ያየኝ ርእሰ መምህር ነው ሥራ የሰጠኝ። ልጆችን ‹እውነት ተናገሩ› እያልኩ ኖርኩ። ቀስሼም የሰው ኃጢአት ሰማሁ። የእኔን የጠየቀኝ የለም።»

«እኛ ሰፈር ሰኞ ማክሰኞ ስንጫወት መስመር የረገጠ ሰው ‹ሞቷል› ነው የሚባለው» አላቸው ክንፉ።

«ሞቷል?» ቃሏን ደጋገሟት። «ልክ ነው። ሞቼ ነው የተጫወትኩት።» ከዚያ እጁን ያዙት። «አንተ ግን ቁም። ሚስትህ ትምጣ። የእኔ ውሸት አንድ ጊዜ እንኳ ለሌላ ሰው ይጥቀም።»

ክንፉ እጃቸውን ስሞ ብርድ ልብሳቸውን አስተካከለና ወጣ። ዓፊፋ ኮሪደሩ ላይ ቆማ ስልኳ ላይ እየጻፈች ነበር።

«ዓፊፋ፣ ሞቻለሁ።»

«ምን ሆንክ? አመመህ?»

«መስመር ረግጫለሁ። እሳቸው ራሳቸው አልተነሱም፤ እኔ ነኝ ያነሳኋቸው።»

ዓፊፋም ሰኞ ማክሰኞ የተጫወተች ልጅ ናት፤ ወዲያው ገባት። «ማንም እኮ አላየህም» አለችው በልመና ድምፅ።

«አዎ፣ ማንም አላየኝም» አላትና ባጁን ከአንገቱ አውልቆ ሰጣት። የጻፈችውን አጠፋች።

አመሻሹ ላይ ቴሌግራፍ አቬኑን ይዞ ሲሄድ ስልኩ ጠራ። ወለተ ማርያም ነበረች፤ እሷ ጋ እየነጋ ነው።

«ከሥራ ወጣህ?» አለችው እንደ ሁልጊዜዋ።

መኪናውን ሆስፒታሉ ፓርኪንግ ረስቶ በእግሩ እየሄደ መሆኑን ያወቀው ያን ጊዜ ነው።

«ወጣሁ» አላት።