በቃለ መሐላ የወረደ መስመር

እኔ አገርነሽ ሲያናድዱኝ አፌን የምይዝ ሴት አይደለሁም፤ ደባርቅ ሙሉ ያውቀኛል። በ2003 ዓ.ም. ኅዳር ላይ የወፍጮዬ የመብራት ቢል አሥራ አንድ ሺህ ብር መጣ ሲሉኝ ቢሮውን በጩኸት ሞላሁት። «ምን ፈጭቼ ነው? የስሜንን ተራራ ነው የፈጨሁት?» አልኩት ገንዘብ ተቀባዩን። ቀና እንኳ ሳይል «መጀመሪያ ክፈይ፣ ከዚያ ተከራከሪ» አለኝ። በአሥር ቀን ካልከፈልኩ ሊቆርጡብኝ ነው። ከተራራው መንደር ከጊች ገብስ በበቅሎ ጭነው የሚመጡት ደንበኞቼ አንዴ ወደ ሌላ ወፍጮ ከሄዱ አይመለሱም፤ ሦስት ልጆቼን በምን ላበላ ነው?

ማመልከቻ ጸሐፊው ሀብተ ሚካኤል ፍርድ ቤቱ በር ላይ ጥላ ዘርግቶ ይቀመጣል። «አይዞሽ፣ ፍርድ ቤቱ እንዳይቆርጡብሽ ያግዳል፤ ባለሙያም ታዝዞ ቆጣሪውን ያያል» አለኝ። ነፍሴ መለስ አለች። ወዲያው ግን እስክሪብቶውን አነሳና «ከቆጣሪሽ ለሌላ ሰው መስመር ሰጥተሻል? ከሰጠሽ እሱ ነው ያስቆጠረብሽ ብለው ይረቱሻል» አለ።

ሰጥቻለሁ። ጎረቤቴ እማሆይ ወለተ ሥላሴ ዓይናቸው ደክሞ ዳዊት መድገም ሲያቅታቸው፣ መስኮት ለሌላት ክፍላቸው በጣሪያ ላይ ሽቦ አሳልፌ አምፖል ሰቅዬላቸዋለሁ። አራት ዓመት ሆነው። አንዲት አምፖል እኮ ናት! ምን ትበላለች?

«ለማንም አልሰጠሁም» አልኩ። እሱ ቃለ መሐላ ብሎ ጻፈው፣ እኔ ፈረምኩ፤ ዳኛው ፊትም እጄን አንስቼ ደገምኩት። እግዱ ተሰጠኝ።

ከፍርድ ቤት እንደተመለስኩ እማሆይ ዘንድ ሄድኩ። «እማሆይ፣ ባለሙያው ከጎንደር መጥቶ እስኪሄድ ሽቦዋን ላውርዳት። ለማንም አልሰጠሁም ብዬ ምያለሁ» አልኳቸው።

«ምለሽ?» አሉ።

«ምን ላድርግ? ልጆቼስ?»

«አውርጃት፣ ልጄ» አሉኝ። አፍሬ ቀና ብዬ ሳላያቸው ጣሪያው ላይ ወጥቼ አወረድኳት።

ባለሙያው በሳምንቱ መጣ። ጣሪያውንም ጎረቤቱንም ዞር ብሎ አላየ። ቢሉን ከቆጣሪው ጋር አስተያየና ሳቀ። «እህቴ፣ ቆጣሪሽ እኮ ገና እዚህ ቁጥር ላይ አልደረሰም! ሳያዩ በግምት ነው የጻፉብሽ።» በቃ፣ ይኸው ነው። ሽቦዋ ብትኖር ባትኖር ለውጥ አልነበረውም። በከንቱ ማልኩ! ፍርድ ቤቱ ቢሉን ሰርዞ ቆጣሪው በሚያሳየው ልክ እንድከፍል ወሰነ።

የዚያኑ ቀን መሰላልና ሽቦ ይዤ እማሆይ ዘንድ ሮጥኩ። ደጃፋቸው ላይ ተቀምጠው ዳዊታቸውን ወደ ፀሐይ አዘንብለው፣ ዓይናቸው እያነባ፣ ፊደሉን ይፈልጋሉ።

«እማሆይ፣ ረታሁ! ልቀጥልልዎት መጣሁ።»

«ተይው፣ ልጄ። ለማንም አልሰጠሁም ብለሽ ምለሻል። እስከ ዛሬ ሐሰት ነበር፤ ከዛሬ ወዲያ እንኳ እውነት ይሁንልሽ።»

«በእኔ ኃጢአት እርስዎ ጨለማ ሊቀመጡ?» ጮህኩ፤ እንባዬም መጣ።

ዳዊታቸውን ዘጉት። «እንግዲያውስ ሄደሽ ዳኛውን ዋሽቻለሁ በዪው። ያን ጊዜ ቀጥዪልኝ፤ ደስ ይለኛል።»

ልሂድ ብዬ አሰብኩ። ፍርዱ ቢፈርስስ? ቢያስሩኝስ? ወፍጮው ቢቆምስ? እማሆይ መልሴን እየጠበቁ ያዩኛል። መሰላሉን ተሸክሜ ወደ ወፍጮዬ ተመለስኩ።