የማማ ሲሚንቶ ቀኝ ጉልበት

ጎደሊቭ ከጭነት መኪናው ላይ ሆና ለሕዝቡ እጇን ስታውለበልብ፣ ከመንገዱ ማዶ በቆመው መኪና ላይ ማይክሮፎን የጨበጠውን ሰው አየችው። እጇ አየር ላይ ቀረ። የአክስቷ ልጅ ፕላሲድ ነው። ዘጠኝ ዓመት ሙሉ የእሷን፣ የማማ ሲሚንቶን፣ ስም ሲያሞግስ የኖረው ሰው ዛሬ የእሑድ ተጋጣሚዋን የዶርካስን ስም ያሞግሳል።

"የማሲና ሰዎች ሆይ" አለ ፕላሲድ፣ ያንኑ የለመደችውን ጉሮሮውን ስሎ። "እሑድ ሚስ ነጎድጓድ ሲሚንቶ ልታፈርስ ነው። ፍርስራሹን የሚያነሣልን ሰው ስለምንፈልግ አካፋ ያላችሁ ይዛችሁ ኑ።"

ገበያው በሳቅ አውካካ። ሚስ ነጎድጓድ የምትባለው ዶርካስ ከጎኑ ቆማ ክንዷን አጥፋ ጡንቻዋን አሳየች። ሃያ ሦስት ዓመቷ ነው። ጎደሊቭ ሠላሳ ስድስት ሊሞላት ሁለት ወር ቀርቷታል።

ኪንሻሳ ውስጥ፣ በተለይ ማሲና ሠፈር፣ ጡንቻ ብቻውን የትግል ተፋላሚ አያደርግም፤ በማይክ የሚያሞግስ አፈኛ ያስፈልጋል። ቅዳሜ ከሰዓት ሁለቱ መኪኖች ጄኔሬተርና ድምፅ ማጉያ ጭነው፣ መለከተኛና ከበሮ መቺ አስከትለው ሠፈሩን ያዳርሳሉ። ገበያው ጥግ ሲገናኙ አፈኞቹ ይዘላለፋሉ፤ ተፋላሚዎቹ አፋቸውን ዘግተው አካላቸውን ያሳያሉ። አንዱ ወገን ከዘለፈ በኋላ ከበሮው ይመታል። ከበሮው ሦስት ጊዜ እስኪቆም መልስ ያልሰጠ ተፋላሚ፣ እሑድ ቢመጣም ባይመጣም አንድ ነው፤ ሰዉ ፈርዶበታል።

"ያውቁ ነበር፣ ፓፓ?" አለች ጎደሊቭ ዞር ብላ።

የግጥሚያው አዘጋጅ ፓፓ ሉኩሳ ከጄኔሬተሩ አጠገብ ተቀምጦ ላቡን ይጠርጋል። "ዛሬ ጠዋት ነው የሰማሁት፤ የተሻለ ከፍለውት ነው አሉ። ብሔድ ብሔድ ሌላ አፈኛ አጣሁ። ስሚ ልጄ፣ ለምን ውርደት ታያለሽ? ታመመች ብዬ ሚሬይን በቦታሽ ላስገባ። እሷ አፍም አላት፣ ዕድሜም አላት።"

"ከዚያ በኋላ መቼ ሊያሰልፉኝ ነው?"

በዚህ ሥራ በሷ ዕድሜ ቦታዋን የለቀቀች ሴት ተመልሳ እንደማትገባ ሁለቱም ያውቃሉ።

"እኔው እናገራለሁ" አለች።

"አንቺ?"

"ሳምንቱን ሙሉ ከሰል የምሸጠው በምን መሰለዎት፣ በአፍንጫዬ ነው?"

"ገበያ ሌላ፣ ማይክ ሌላ። ደግሞም ተፋላሚ ራሱን በራሱ አፍ አያወድስም። ነውር ነው።"

ከማዶ ከበሮው ለመጀመሪያ ጊዜ ቆመ። መልስ እንደሌለ ሲያይ ፕላሲድ ልቡ አበጠ። ያበጠ ልብ ደግሞ አፍ አይጠብቅም።

"ሚስ ነጎድጓድ፣ እንደ ታላቅ ወንድም ልምከርሽ" አለ። "ግንብ ከአናቱ አይፈርስም። ከታች፣ በቀኝ በኩል፣ ጉልበቱ ላይ ነው መነካት ያለበት። በነዚህ እጆቼ ስላሸሁት አውቀዋለሁ። እንደ አሮጌ በር ሲጢጥ ነው የሚለው።"

የሳቀ ሳቀ። ከፊት የነበሩት አሮጊቶች ግን ከንፈራቸውን መጠጡ። ከግጥሚያ በኋላ ተፋላሚውን በዘንባባ ዘይት የሚያሸው አፈኛው ነው፤ በዘይቱ ሰዓት የታየ ቁስልና የተሰማ እሮሮ መንገድ ላይ አይወጣም። ይህን ሕግ ማንም አልጻፈውም፣ ማንም ግን አፍርሶት አያውቅም። ፕላሲድም ነገሩ ካመለጠው በኋላ ነው የገባው፤ ምራቁን ዋጥ ሲያደርግ በማይኩ ተሰማ። ከአፍ ከወጣ አፋፍ።

ጎደሊቭ ፊቷ ጋለ። ስድቡ አይደለም ያቃጠላት፤ ስድብማ ሥራው ነው። በዚያ ጉልበት ሌሊት ሌሊት ያለቀሰችው እሱ ፊት ብቻ ነበር።

ሆድ ለባሰው ማጭድ አታውሰው ይባላል። ፓፓ ሉኩሳ ግን መቼም የጄኔሬተሩ ነዳጅ ተቃጥሏል ብሎ ይሆናል፣ ማይኩን አቀበላት።

"እኔ የማሲና አንበሳ ነኝ!" አለች ጎደሊቭ፣ ፕላሲድ እንደሚለው። "ባገሳሁ ጊዜ ወንዙ..."

ማይኩ ጆሮ የሚበሳ ፉጨት አፏጨ። ከሕዝቡ መሀል አንዱ፣ "አንበሳዋ ጉንፋን ይዟታል" አለ። ሳቁ እስከ ዓሣ ተራ ደረሰ። ከበሮው ለሁለተኛ ጊዜ ቆመ።

በዚህ መሀል ማማ አንቶ፣ ገበያ ውስጥ ከጎኗ የደረቀ ዓሣ የምትሸጠው ወፍራም ሴትዮ፣ ሰዉን በክርኗ እየገፋች መኪናው ሥር ደረሰች።

"ጎዴ፣ ይሄ የማን ድምፅ ነው?" አለቻት። "እኔ አሥራ አንድ ዓመት ከጎንሽ ስቀመጥ ሰምቼው አላውቅም። በይ እንደምታወሪው አውሪ።"

ጎደሊቭ ማይኩን ከአፏ ትንሽ አራቀችው። አየር ሳበች።

"እሺ" አለች ቀስ ብላ። "የኔን ከሰል ገዝቶ የሚያውቅ እጁን ያውጣ።"

ሠላሳ አርባ እጅ ወጣ።

"እርጥብ ሸጬላችሁ አውቃለሁ?"

"አታውቂም" አሉ ሴቶቹ።

"ከላይ ትልልቁን፣ ከሥር ዱቄቱን ሞልቼስ?"

"እሱን እንኳን አንዴ አድርገሽዋል" አለ አንድ መላጣ ሰውዬ።

"አድርጌያለሁ። በማግስቱ ሙሉ ጆንያ ለውጬልሃለሁ። አልለወጥኩም?"

"ለውጠሻል።"

"ስለዚህ ገበያ ውስጥ ዕቃዬን አልደብቅም፤ እዚህም አልደብቅም።" መኪናው ጠርዝ ላይ ተቀመጠችና የሱሪዋን ቀኝ እግር እስከ ጭኗ ጠቀለለች። ጉልበቷ አብጧል፤ በጎኑ ረጅም ጠባሳ ወርዷል። "ይኸውላችሁ። ፕላሲድ አልዋሸም፣ ሲጢጥ ይላል። የዛሬ ሦስት ዓመት ከመፋለሚያው ገመድ ላይ ተወርውሬ ስወድቅ ነው የተጎዳው። ያን ቀን ተነሥቼ ግጥሚያውን ጨርሻለሁ። ዝናብ ነበር፣ እናንተም አልተነሣችሁም።"

አሁን የሚስቅ ሰው የለም። ከበሮ መቺው ዱላውን አንሥቶ ማሳረፉን ረስቶታል።

"ዶርካስ፣ ልጄ" አለች ጎደሊቭ። "ልጅ ነሽና እንዳትሳሳቺ። ቀኙ ነው። እሑድ በላብና በአቧራ መሀል እንዳይጠፋሽ ምልክት አደርግልሻለሁ።" ከራሷ ላይ ቀይ ሻሿን ፈትታ ጉልበቷ ላይ አስጠጋችው።

"መድኃኒት አለበት!" አለ ከኋላ አንድ ድምፅ። በማሲና ቀይ ጨርቅ ያሰረ ተፋላሚ ከጠንቋይ ቤት እንደመጣ ነው የሚታየው።

ጎደሊቭ ሻሹን ወደ ታች ወረወረችው። ማማ አንቶ ገለበጠችው፣ ጫፉን ዳበሰች፣ አሸተተችው።

"ከሰል ከሰል ይላል" አለች። "ሌላ ምንም የለውም።"

"ሰምታችኋል" አለች ጎደሊቭ። "እሑድ ይቺን ጉልበት ረግጣ ከጣለችኝ፣ የሰው ምስጢር ገዝታ ጣለቻት በሉ። ሳትነካት ከጣለችኝ ግን እኔው ራሴ ትከሻዬ ላይ ተሸክሜ ይህን ገበያ አዞራታለሁ። አንተ ደግሞ ፕላሲድ፣ የዘይቱን ጠርሙስ ቤቴ ረስተሃል። መጥተህ ውሰድ፤ እሑድ ማታ ዶርካስ ትፈልገዋለች።"

ገበያው እንዳለ ተነሣ። ፕላሲድ ማይኩን ወደ አፉ አስጠግቶ መልሶ አወረደው። ይልቅ ዶርካስ፣ እስከዚያች ሰዓት ጡንቻዋን ብቻ ስታሳይ የቆየችው ልጅ፣ ወደ መኪናው ጠርዝ መጣችና ያለ ማይክ ጮኸች።

"ጉልበትሽን አልፈልገውም፣ ማማ! አንገትሽን ነው የምፈልገው።"

"እሱማ አለልሽ" አለች ጎደሊቭ። "ከደረስሽበት።"

ሰዉ ሁለቱንም መኪኖች ተከትሎ እየዘፈነ ወረደ። ፓፓ ሉኩሳ ስለ ሚሬይ ዳግመኛ አላነሣም።

እሑድ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ከሜዳው ጥግ በሸራ በተከለለችው ክፍል ውስጥ ጎደሊቭ ብቻዋን ጉልበቷን ስታሽ ፕላሲድ ብቅ አለ። ቆቡን በእጁ ይዟል።

"ዶርካስ አባረረችኝ" አለ። "አፌ እኮ ነው፣ ጎዴ፣ ታውቂኛለሽ። ዛሬ እኔ ልናገርልሽ። እንደ ድሮው።"

"አመሰግናለሁ። የራሴን አግኝቻለሁ።"

"እሺ ላሽሽ።"

"እሱንም።"

ፕላሲድ ቆቡን ደፍቶ ወጣ። በሱ እግር ፓፓ ሉኩሳ ገባ። ውጭ ሕዝቡ አጥሩ ላይ ሳይቀር ተንጠልጥሏል፤ የጎማ ጫማ ሲረግጥ፣ መለከት ሲነፋ ይሰማል።

"ስሚኝ" አላት ድምፁን ዝቅ አድርጎ። "ልጅቱ አልነካም ብላለች። ደም ሲሞቅ ግን ቃል የት አለ? ሻሹን ግራው ላይ እሰሪው። ከሩቅ ማን ይለያል? ለጥንቃቄ ነው።"

"ምን ብዬ ነበር ትናንት?"

"ትናንት ወሬ ነበር፣ ልጄ። ዛሬ አጥንት ነው።"

ጎደሊቭ ሻሹን በሁለት እጇ ወጥራ አየችው። የከሰሉ ሽታ አልለቀቀውም። ግራ እግሯን ወደ ኋላ ሳበች፤ ቀኙን ዘረጋች። ሻሹን ጉልበቷ ላይ አዙራ ሁለት ጊዜ ቋጠረችና፣ ማይኩን እንዲሰጧት እጇን ዘረጋች።