ዳይሬክተሩ የሸሸገው ስም

ከኀፍረት ለማምለጥ ስሙን የሚሸሽግ ሰው ኀፍረቱን አያጠፋውም፤ በሌላ ሰው ትከሻ ላይ ይጭነዋል እንጂ። ሸክሙም ውሎ አድሮ ወደ ባለቤቱ መመለሱ አይቀርም።

ኢሶጋይ ቴሩዎ ሰኞ ጠዋት ኔሪማ ሰፈር ወደሚገኘው የአኒሜሽን ስቱዲዮ ሲገባ፣ ሠዓሊዎቹ በአንድ ስልክ ላይ ተደፍተው ይሳሳቁ ነበር። ቅዳሜ በቴሌቪዥን የተላለፈው የተከታታይ ካርቱን ፊልማቸው ክፍል የአገሩ መሳለቂያ ሆኗል።

"ፈረሱ አምስት እግር አለው እኮ!" አለ አንዱ።

"አምስተኛው መለዋወጫ ነው" አለ ሌላው።

ዳይሬክተሩን ሲያዩ ስልኩ ኪስ ገባ፤ ሳቁም ቆመ።

ኢሶጋይ የተከታታይ ፊልሙ ዳይሬክተርም ደራሲም ነው። ሠዓሊዎቹ እያዩ የሚስሉበትን የዚያን ክፍል የትዕይንት ንድፍ ራሱ ሊሠራ ቃል ገብቶ ነበር። ነገር ግን በኪዩሹ ደሴት በተካሄደ የፊልም ውድድር ዳኛ ሆኖ ጭብጨባና ግብዣ ሲያሳድድ ሰነበተ፤ ንድፉ ሠዓሊዎቹ እጅ ሲገባ የሥርጭቱ ቀን ደርሶ ነበር። የሥዕል አራሚዋ ኩሮሱ ሃትሱሚ ባልደረቦቿን አስተባብራ የቻለችውን ሁሉ አደረገች፤ ያለፈ ጊዜ ግን በትጋት አይመለስም።

በዚህ ሙያ አንድ ሰው ያፈረበትን ሥራ በሐሰት ስም ማሳለፉ የተለመደ ነው። ሃትሱሚም ክፍሉ ከመተላለፉ በፊት ይህንኑ ኢሶጋይን ለምና ነበር።

"ሠዓሊ ከስሟ አትሸሽም" ሲል ገሠጻት።

በዚያው ዕለት ግን የራሱን ስም በክፍሉ መጨረሻ ከሚያልፈው የሠሪዎች ስም ዝርዝር አስወጥቶ፣ አሳዳ ኩኒሂኮ የሚባል በዓለም ላይ የሌለ ሰው በቦታው አስገባ። ተመልካቹም የሚሰድበው ሰው ሲፈልግ ያገኘው ሃትሱሚን ብቻ ሆነ።

ረፋዱ ላይ የስፖንሰሮቹ ወኪል አቶ ሺባ ሁሉንም ሰበሰበ።

"የሚመጣውን ፊልም ለዚች ሴት አንሰጥም" አለ ሃትሱሚን እያመለከተ በቁጣ። "ይህ አሳዳ የሚሉት ሰውዬስ የት ነው?"

የስቱዲዮው ኃላፊ ናጋሚኔ እውነቱን ያውቃል፤ ኢሶጋይን አየት አድርጎ ዓይኑን መሬት ላይ ተከለ።

"አዲስ ሰው ነበር፤ ለቋል" አለ ኢሶጋይ። "ሥዕሉም ቢሆን እንደሚያዩት ደካማ ነው" ሲል ጨመረበት።

ሃትሱሚ ተነሥታ ስለ ሁሉም ዝቅ ብላ እጅ ነሣች። "አጥፍተናል፤ ይቅርታ" አለችና ወጣች።

ኢሶጋይ ተከትሏት ሲሄድ እርሳሶቿን በጨርቅ ስትጠቀልል ደረሰባት።

"አትቸኩይ እንጂ ሃትሱሚ። ሰው እንደሆነ ይረሳዋል።"

"እናቴ አትረሳውም፣ ጋሼ። አገር ቤት አኪታ ላይ ጎረቤቶቿን ሰብስባ፣ ስሜ እስኪያልፍ ማንንም አታስነሣም። ቅዳሜ ዕለት፣ 'ይቺ ናት ልጅሽ?' ብለው ሳቁባት።"

"ታዲያ ምን ላድርግልሽ?"

"ለእኔ? ምንም። አሳዳን ሲያገኙት ግን ሰላም ይበሉልኝ። እሱ ምን ቸገረው፤ እናት የለው!"

ኢሶጋይ ጆሮው ድረስ ጋለ። በጠረጴዛዋ ላይ፣ ሠዓሊዎች የገጽታን ለውጥ ለማጥናት የሚመለከቱበት ትንሽ መስተዋት ነበር፤ በውስጡ የገዛ ፊቱን ቢያይ ሊቋቋመው አልቻለም። ዘወር ብሎ ቆመ። ከዚያም ወደ መሰብሰቢያው ክፍል ተመለሰ። ሺባ ካፖርቱን ሊለብስ አንድ እጁን አስገብቶ ነበር።

"አሳዳ የሚባል ሰው የለም" አለ ኢሶጋይ። "እኔ ነኝ። ንድፉን ያዘገየሁትም እኔ ነኝ። እሷ ጥፋት የለባትም።"

"ታዲያ ቅድም እሷ እዚህ ቆማ ይቅርታ ስትጠይቅ አፍዎን ምን ያዘው?"



ሃትሱሚ እንድትመለስ ተለመነች፤ በሌላ ስቱዲዮ ሥራ ይዣለሁ ብላ እንቢ አለች። ኢሶጋይ በዚያው ሳምንት ከዳይሬክተርነቱ ተነሣ፤ የሚመጣው ፊልም ድርሰትም ተነጥቆ ለሌላ ሰው ተሰጠ። ያ የተበላሸ ክፍል በድጋሚ ሲተላለፍ የእሱ ስም በሙሉ ተጽፎ ወጣ። ከዚያ ወዲህ አንድም ስቱዲዮ ፊልም እንዲመራ አልጠራውም።